ንቅሳቱ የሸፈነው ድዴ

መስታወት ካላችሁ፣ ይህን ከማንበባችሁ በፊት ተነሡና ከንፈራችሁን ገልብጣችሁ ድዳችሁን እዩ። የውጪውን ብቻ አይደለም፤ ምላሳችሁን ወደ ላይ አንሥታችሁ የውስጡንም እዩ። ቀልቶ፣ አብጦ፣ ሲነኩት የሚደማ ከሆነ የእኔን ጉድ እስከ መጨረሻው አንብቡት። ካልሆነም አንብቡት፤ እኔ ያን ሁሉ መከራ ያየሁት ቀድሞ የሚነግረኝ ሰው አጥቼ ነው።

ነገሩ የሆነው በደርግ ጊዜ ነው። ከተማችንን ያኔ አዋሳ ነበር የምንላት። ሃያ ስድስት ዓመቴ ነበር፤ ስልክ ቤት ኦፕሬተር ነበርኩ። ለዛሬ ልጆች ላስረዳ፦ ያን ጊዜ ዲላም ሆነ አዲስ አበባ መደወል የፈለገ ሰው ስልክ ቤት መጥቶ ቁጥሩን ያስመዘግባል፣ አግዳሚ ላይ ቁጭ ብሎ ተራውን ይጠብቃል። እኛ ከውስጥ ገመዱን ሰክተን፣ ከወዲያኛው ከተማ ኦፕሬተር ጋር ቁጥር ተቀባብለን መስመሩን እናገናኛለን። እንግዲህ ሥራው ድምፅ ነው። መስመሩ ይንጣጣል፣ ይጮኻል፤ ስልሳ ሰባት ስትዪ ስልሳ ሰባት ሆኖ መሰማት አለበት። እኔ ደግሞ በዚህ አንደኛ ነበርኩ፤ ልኩራበት እንጂ ምን ቀረኝ! የሻሸመኔዎቹ "ኧረ ያቺን ጥርት ያለችውን ስጡን" ይሉ ነበር። አባቴ ከሞተ፣ ወንድም እህቶቼም በየፊናቸው ከሄዱ ወዲህ እናቴና እኔ የምንኖረው በዚያችው ደመወዝ ነበር።

ደሙን መጀመሪያ ያየሁት ዳቦ ላይ ነው። ሻይ ቤት ተቀምጬ ዳቦ ገመጥኩ፤ የገመጥኩበት ቦታ ቀይ መስመር ሠራ። እጄን የቆረጠኝ መስሎኝ ጣቶቼን አገላብጬ አየሁ። በማግስቱ የመፋቂያዬ ጫፍ ደም በደም ሆነ። ለእናቴ ነገርኳት።

እናቴ የጎጃም ሰው ናት፤ አባቴ የመንግሥት ሥራ ይዞ ሲመጣ ተከትላው ደቡብ የገባች። ሁሉን ነገር ታውቃለች። የማታውቀው ነገር የመጣ እንደሆነ ደግሞ አብልጣ ታውቃለች።

"መፋቂያውን ተዪው" አለችኝ። "የሚደማን ነገር ማን ይፍቀዋል? ቁስል ይፋቃል እንዴ፣ አንቺ!"

እውነት መሰለኝ። አትሳቁብኝ፤ ቁስል እንዲድን እንደማይነካካ ማን የማያውቅ አለ? ተውኩት። ጠዋት ጠዋት በውሃ ጉምጥምጥ ብዬ እወጣለሁ፣ በቃ። የልብስ ሳሙና እንኳ በቀበሌ ወረፋ በሚገኝበት ዘመን የጥርስ ሳሙና የሚባለውንማ ተዉት። ሦስት ወር እንዲህ ሆንኩ። ደሙ ጭራሽ ባሰበት። ጠዋት ስነሣ ትራሴ ላይ አገኘው ጀመር።

"ይሄማ መነቀስ ነው የሚያሻው" አለች እናቴ።

በእናቴ አገር ድድ መነቀስ ለውበት ብቻ አይደለም፤ ድድ ያጠነክራል፣ ደም ያቆማል ይባላል። የእሷ ድድ ጥቁር ሰማያዊ ነው፤ ስትስቅ ያምርባታል፣ አልዋሽም። እኔ ግን "የከተማ ልጅ ነኝ" እያልኩ ከልጅነቴ ጀምሮ እምቢ ስል ነው የኖርኩት። አሁን ግን ደሙን ያቆማል ካሉኝ እሳት ጉረሺ ቢሉኝም እሺ ባይ ነበርኩ። እናቴ የምታውቃትን አንዲት ነቃሽ አስመጣች። ሴትዮዋ ሰባት መርፌ በክር ጠፍራ ይዛለች፤ በቆርቆሮ ክዳን ደግሞ ከኩራዝ ጭስ የተሰበሰበ ጥላሸት በቅጠል ጭማቂ አቡክታለች። እናቴ ራሴን ጭኖቿ መሐል አድርጋ ያዘችኝ። ያ ያበጠ ድድ፣ ነፋስ ሲነካው እንኳ የሚያስጮኸኝ ድድ፣ በሰባት መርፌ ላይና ታች ሲወጋ አስቡት። እግሬ ወለሉን ሲደልቀው ጎረቤት ሰው ሞተ ብሎ መጣ።

"አይዞሽ፣ ሙሽራ ትመስያለሽ" ትለኛለች ነቃሿ።

ሁለት ሳምንት ፊቴ እንደ ዱባ አብጦ ከረመ። ከዚያ እብጠቱ ሲወርድ ድዴ ጥቁር ሆኖ፣ ጥርሴ ከመሐሉ ፏ ብሎ ብቅ አለ። መሥሪያ ቤት ያየኝ ሁሉ "እንዴት አማረብሽ!" አለኝ። መስታወት ሳይ ቅላት የለም፣ እብጠቱም አይታይም። የዳንኩ መሰለኝ። እናቴማ ሠፈሩን ሁሉ ዞራ አወራችው።

ለካ የደበቅነው እንጂ ያዳንነው ነገር አልነበረም።

ሁለት ወር ሳይሞላ የታችኛው የፊት ጥርሴ ተነቃነቀ። ምላሴ ሲነካው ወደ ፊት ይሄዳል፣ ይመለሳል። ወጥ ሲነካው ጥርሴ ሳይሆን ጭንቅላቴ ነው የሚነዝረው። ክሊኒክ ሄድኩ። ካርድ ለማውጣት ከንጋቱ ተሰልፌ፣ ተራዬ ሲደርስ ፀሐይ አናት ላይ ነበረች። የጤና ረዳቱ ከንፈሬን ገለብ አድርጎ አየና ሳቀ።

"ምን የመሰለ ድድ ይዘሽ! ይሄ ምንም የለውም። ቪታሚን አንሶሽ ነው። ብርቱካን ብዪ።"

ብርቱካን በላሁ። ኮምጣጣው ድዴን ሲያቃጥለው እንባዬ እየወረደ በላሁ። ሌላ ክሊኒክ ሄድኩ፤ እዚያም ጥቁሩን አይተው "ጤነኛ ነው፤ የነርቭ ሕመም ይሆናል" ብለው የራስ ምታት ክኒን ሰጡኝ። ሦስተኛው ጉሮሮዬን በባትሪ አየና ቶንሲል ነው አለ። ሁሉም ያየው ንቅሳቱን ነው። ጥላሸት የተቀባ ድድ ቢቀላ በምን ይታያል? እኔ ራሴ ያላየሁትን እነሱ እንዴት ይዩት?

ከሁሉ የማልረሳው በሦስተኛው ክሊኒክ የመጠበቂያ አግዳሚ ላይ የሆነውን ነው። አፌ በደም ሲሞላ መሐረቤን አውጥቼ ተፋሁበት። አጠገቤ ልጅ ያቀፈች ሴት ነበረች። መሐረቡን አየች፣ ልጇን ወደ ደረቷ ለጠፍ አደረገችና ቀስ ብላ ተነሣች። ቀጥሎ ያለው ሽማግሌም ተነሣ። ሳምባ ነቀርሳ መስሏቸው ነው። ባንድ አፍታ አግዳሚው ላይ ብቻዬን ቀረሁ። "ጥርሴን ነው! ጥርሴን ነው እኮ!" ብዬ ጮኽኩ፤ ማንም ቀና ብሎ አላየኝም። እዚያው ተቀምጬ አለቀስኩ፤ እግዜርን ምን አድርጌህ ነው አልኩት።

ከዚያ ወዲህ ሰው መራቅ ጀመርኩ። ሳወራ እጄን አፌ ላይ አደርጋለሁ። በየሳምንቱ በመሥሪያ ቤታችን የውይይት ክበብ መፈክር ሲባል እጄን አነሣለሁ እንጂ አፌን አልከፍትም። የክፍላችን ኃላፊ ጓድ ታፈሰ ይህን ልብ ብሎ ኖሮ ጠራኝ።

"ጓድ እታገኘሁ፣ መፈክር ላይ ድምፅሽ አይሰማም። ቅር ያለሽ ነገር አለ?"

"ኧረ ምንም የለም ጓድ፤ ጥርሴን አሞኝ ነው።"

ወንበሩን ወደ ኋላ ገፋ አደረገና "ሐኪም አሳዪ እንጂ!" አለኝ። ያኔ ፖለቲካውን ፈርቶ ራቀኝ ነበር ያልኩት፤ የሸሸው ሌላ ነገር ኖሯል።

በመጨረሻ ጥርስ የሚነቅል ሰው ያለበት ክሊኒክ ገባሁ። ሰውዬው ንቅሳቴን ከቁም ነገር አልቆጠረውም፤ ጥርሶቼን አንድ በአንድ በጣቱ ነቀነቃቸው። ከዚያ ወረቀት ላይ እየጻፈ፣ ቀና እንኳ ሳይል፣ "ከላይ አራት፣ ከታች ስድስት ይወልቃሉ። ሰኞ ነይ" አለኝ።

"የፊቶቹ በሙሉ?"

"ሥራቸው አልቋል። ቆይተው በራሳቸው ይረግፋሉ፤ ምን ትጠብቂያለሽ?"

"እኔ እኮ ኦፕሬተር ነኝ!"

"እኔ ደግሞ ጥርስ ነቃይ ነኝ" አለና ቀጣዩን ታካሚ ጠራ።

እግሬ እንዴት ስልክ ቤት እንዳደረሰኝ አላውቅም። ለጓድ ታፈሰ ነገርኩት። ክፉ ሰው አልነበረም፤ አንገቱን ደፍቶ ሰማኝ። ከዚያ "አሥር የፊት ጥርስ ወልቆ ሰሌዳው ላይ ላስቀምጥሽ አልችልም፤ ቁጥር ይሳሳታል" አለኝ። "ሌላ ክፍልም ባዶ ቦታ የለኝም። ምን ላድርግሽ?" ዘመኑን ታውቁታላችሁ፤ ወጥታ ሌላ ሥራ ትፈልግ የሚባልበት አልነበረም። ከዚያ ከወጣሁ እናቴና እኔ የምንበላው የለንም።

ያን ቀን ቤት ገብቼ ከመስታወት ፊት ቆምኩ። ከንፈሮቼን በጥርሶቼ ላይ አጥፌ "ስልሳ ሰባት" ልል ሞከርኩ። የወጣው "ፍልፋ ፈባት" ነው። ደግሜ ሞከርኩ። እናቴ ከጓዳ ሰምታ ሳቋ አመለጣት፤ እኔም ሳቅሁ። ስንሳሳቅ ስንሳሳቅ ሁለታችንም መሬት ላይ ተቀምጠን ነፍሳችን እስኪወጣ አለቀስን። "ይሄን ዱላ ለእኔ አርገው" ትላለች እናቴ፣ ጣሪያውን እያየች።

እዚህ ላይ ነው ሣራ የገባችው። ሣራ የሥራ ባልደረባዬ ናት፤ የይርጋለም አካባቢ ልጅ፣ ጴንጤ። ያን ጊዜ ጴንጤ መሆን ብቻውን ያስጠይቅ ስለነበር ጸሎቷን በልቧ ነው የምታደርሰው። እኔና እሷ ተፈራርቀን አንድ ሰሌዳ ላይ ነው የምንሠራው፤ ጆሮ ላይ የሚደረገው ማዳመጫና አፍ ላይ የሚመጣው መነጋገሪያ የጋራችን ነው። ከጥቂት ወራት ወዲህ ሣራ ተራዋ ሲደርስ ከቦርሳዋ ጥጥ ታወጣና መነጋገሪያውን በአልኮል ትጠርጋለች። ንጽሕና ወዳጅ ናት ብዬ አልፌው ነበር። ሐሙስ ዕለት ተራ ስንለዋወጥ ጥጡን ይዛ ቆመች፤ አልጠረገችም።

"እታጉ፣ ልንገርሽ?" አለችኝ። "ብትጠዪኝም ልንገርሽ። አፍሽ ይሸታል።"

"አሣ በልቼ ነው" አልኳት። ሐይቅ ዳር እየኖርን አሣ ማላከኪያ አይጠፋም።

"አምስት ወር ሙሉ አሣ ስትበዪ ነበር? ሁሉም ያውቃል። ሁሉም ይሉኝታ ይዞት ዝም አለሽ። እኔም ዝም ብዬሽ እግዚአብሔር ወቀሰኝ። የሚሸተው የሚበሰብስ ነገር ስላለ ነው፤ የሚበሰብሰው ደግሞ ጥቁሩ ሥር ነው።"

ውርደት እንደ ትኩስ ውሃ ከአናቴ እስከ እግሬ ወረደብኝ። በሰው ፊት ልብሴን የገፈፈችኝ ያህል ተሰማኝ። "ሂጂልኝ!" አልኳት፤ ከዚህም የባሰ ብያታለሁ፣ እሱን አልጽፈውም። ወጥቼ ከግንቡ ሥር ቆሜ መዳፌ ላይ ተነፈስኩና አሸተትኩት። እውነቷን ነበር። በአራት ክሊኒክ ያለፍኩት፣ ስንት የጤና ሰው ያየኝ፣ አንድ ሰው እንኳ ያላለኝን ነው የነገረችኝ። ተመልሼ ገባሁ። ይቅርታ ለማለት አፌን ስከፍት ዘጋሁት፤ አፍሬ። እሷ ግን ጠጋ ብላ አቀፈችኝ፣ አፍንጫዋን ሳታዞር። "ነገ ሐኪም አለች" አለችኝ።

ወደ ቡሹሎ በሚወስደው መንገድ ካለ አንድ ጤና ጣቢያ፣ በየሳምንቱ ዓርብ አንዲት ከኩባ የመጣች የጥርስ ሐኪም ትመጣ ነበር። ሁለታችንም ፈቃድ ወስደን ጋሪ ተሳፈርን። ጋሪው በተንገጫገጨ ቁጥር ጥርሶቼ ይነቃነቃሉ፤ አገጬን በሁለት እጄ ደግፌ ሄድኩ። ሣራ ጎኔ ሆና በሲዳምኛ ከንፈሯን እያንቀሳቀሰች ትጸልያለች። ሰኞ ቀጠሮዬ ነው፤ በልቤ ይህቺም ይወልቁ ካለች በቃ አልኩ።

ሐኪሟ አጭር፣ ፈርጠም ያለች፣ አማርኛዋ በጣት የሚቆጠር ሴት ነበረች። ከንፈሬን ገልብጣ ስታይ ግንባሯን ቋጠረች።

"ይሄ ጥቁር ምንድን ነው?"

ሣራ በመርፌ እንደሚወጋ በጣቷ እያስመሰለች አሳየቻት። ሐኪሟ በራሷ ቋንቋ የሆነ ነገር አለች፤ ምርቃት አልነበረም። ከዚያ ትንሽ መስታወት አነሣችና "ምላስ፣ ወደ ላይ" አለችኝ። ንቅሳት ከውጪ በኩል ብቻ ነው፤ ከውስጥ ማን ይነቀሳል? እሷ ያየችው የውስጡን ነበር። ሌላ መስታወት እጄ ላይ አስቀመጠችና ለእኔም አሳየችኝ።

አየሁት። የራሴ አፍ ነው ብዬ ማመን አቃተኝ። ከታችኛው ጥርሴ ጀርባ ድዴ እንደ ጥሬ ሥጋ ቀልቶ፣ አብጦ፣ ጫፍ ጫፉ መግል አዝሎ ተቀምጧል። ከጥርሱ ጋር ደግሞ ቢጫ ነገር ግንብ ሠርቷል። ከፊት ሙሽራ፣ ከኋላ ይሄ! መስታወቱን ጣልኩት።

"ስንት ጊዜ ሆነው ጥርስ ካልፋቅሽ?"

"ከደማ ጀምሮ።"

ዓይኗን ጨፈነች። ከዚያ በእጅም በአማርኛም እያደባለቀች አስረዳችኝ። የምግብ ትራፊ ሳይጸዳ ሲቀር ይደርቃል፣ ድንጋይ ይሆናል፤ ድንጋዩ ድድ ሥር ይገባል፤ ድድ ይቆጣል፣ ይደማል፣ ከጥርሱ ይለቃል። ቀጥሎ ጥርሱን የያዘው አጥንት ይሸሻል። መፋቂያውን መተው ያለብኝ ሳይሆን አጥብቄ መያዝ የነበረብኝ ያን የመጀመሪያውን ቀን ነበር።

"ይወልቃሉ?" አልኳት። ይህን ስጠይቅ የሣራን እጅ ይዤ ነበር፤ ጥፍሬ ቆዳዋ ውስጥ ገብቶ ኖሯል።

አንድ በአንድ ዙሪያቸውን በቀጭን ብረት ለካቻቸው። ብዙ ቆየች። "ሁለት" አለች በመጨረሻ፣ ጣቶቿን አንሥታ። "ሁለቱ ሞተዋል። ሌሎቹን አላውቅም። እንሞክራለን።"

አላውቅም ያለችኝ የመጀመሪያዋ ሐኪም እሷ ናት፤ ያመንኳትም ለዚያ ይመስለኛል።

ሁለቱን የታች ጥርሶች ያን ቀን ነቀለች። ከዚያ ድንጋዩን መፋቅ ጀመረች። እያንዳንዱ ቁራጭ ሳህኑ ላይ ኳ ሲል እሰማዋለሁ። ማደንዘዣው ጥቂት ስለነበር ለመንቀያው ብቻ ነው የሰጠችኝ፤ የቀረውን ያለ ማደንዘዣ ነው የቻልኩት። አራት ዓርብ ተመላለስኩ። ሰኞ ጥርስ ነቃዩ ጋ አልሄድኩም። ጓድ ታፈሰ የአንድ ወር ጊዜ ሰጠኝ፤ "ከዚያ በኋላ ግን ሰው እተካለሁ" አለኝ።

ከሁሉ የከበደኝ ትእዛዟ ግን ጠዋትና ማታ መፋቅ ነበር። "ይደማል እኮ!" ስላት "ይድማ! አሥር ቀን ይድማ" አለችኝ። እናቴ ይህን ስትሰማ አበደች። "ገዳይ ናት! የውጭ አገር ሰው ምን ያውቃል?" ብላ መፋቂያዬን ሰብራ ጣለችው። ሌላ ቆረጥኩ። አንድ ሳምንት ሙሉ አፌ እየደማ ፋቅሁ፣ በሞቀ የጨው ውሃ ተጉመጠመጥኩ፤ እናቴ ወደ ግድግዳው ዞራ ትቀመጣለች። በስምንተኛው፣ በዘጠነኛው ቀን ያው ነው። ልተወው ተቃረብኩ። ሐኪሟም፣ ሣራም፣ እናቴም የተሳሳቱ መሰለኝ፤ ሁሉንም ረገምኳቸው። በአሥራ ሁለተኛው ቀን ጠዋት ተፋሁ፤ ምራቁ ነጭ ነበር። እንደገና ተፋሁ። "እማዬ!" ብዬ ጮኽኩ፤ መጥታ ምራቄን እንደ ወርቅ አየችልኝ።

ወሩ ሲያልቅ ጓድ ታፈሰ ሰሌዳው ላይ አስቀመጠኝና እሱ ራሱ ሌላ ክፍል ሆኖ መስመሩን ያዘ። "ቁጥር በይ" አለኝ። በሁለቱ ጥርሶች ክፍተት ትንሽ ነፋስ ፉጨት ያወጣል፤ ግን ስልሳ ሰባት ስልሳ ሰባት ነበር። "ቀጥዪ ሥራሽን" አለና ዘጋው። ሣራ ተራዋ ሲደርስ መነጋገሪያውን ተቀብላኝ ሳትጠርግ አፏ ጋ አደረገችው።

እስካሁን ያልነገርኳችሁ አንድ ነገር አለ። ለመደበቅ ብዬ አይደለም፤ እኔም ልብ ብዬው ስለማላውቅ ነው። ወሩ ባለቀበት በዚያ ዕለት ማታ ለእናቴ ሐኪሟ ያሳየችኝን የውስጡን ድድ ደግሜ ደጋግሜ ስነግራት፣ መስታወቱን ከእጄ ወሰደችና ምላሷን አንሥታ የራሷን አየች። ረጅም ጊዜ አየች። እናቴ ያኔ ሃምሳ አልሞላትም ነበር፤ አፏ ውስጥ የቀሩት ጥርሶች አራት ናቸው። ካወቅኳት ጀምሮ ጥርሷ ጥቂት ነበር፤ እናት እንዲህ የምትሆን ነበር የሚመስለኝ።

"እኔም እኮ የተነቀስኩት ደምቶኝ ነው" አለችኝ። "አሥራ አምስት ዓመቴ ነበር። እናቴ መፋቂያውን ተዪው አለችኝ፤ ተውኩት። ከዚያ በየወሊዱ ሲረግፍ ልጅ የወሰደብኝ ነበር የሚመስለኝ።" መስታወቱን ጭኗ ላይ አስቀመጠች። "ስንቱን ልጅ ነው ጥርሴን ወሰደብኝ ብዬ በልቤ የተቀየምኩት?"

በማግስቱ ዓርብ ነበርና ጋሪ ጠርቼ አሳፈርኳት። ሐኪሟ አራቱንም በቀጭኑ ብረት ለካችና አይድኑም ብላ ራሷን ነቀነቀች። እናቴ ግን መፋቂያ ይዛ ቤት ገባች፤ አራቱንም ጠዋትና ማታ ትፍቅ ነበር።